የቤት ብድር እስኪያልቅ ስንት ያስከፍላችኋል? ሳትፈርሙ በፊት ራሳችሁ አስሉት

ቤት በብድር ሊገዛ ያሰበ ሰው መጀመሪያ የሚጠይቀው "በወር ስንት ይደርስብኛል" ነው፣ እኔም ያኔ የጠየቅኩት እሱን ብቻ ነበር። ደሞዜን አየሁ፣ ወርሃዊ ክፍያውን አየሁ፣ እችለዋለሁ ብዬ ፈረምኩ። ከዛ 4 ዓመት አንድም ወር ሳላዛንፍ ከፈልኩ፣ አንድ ቀን ለሌላ ጉዳይ አበዳሪው ጋ ሄጄ እስቲ ቀሪዬን ንገሩኝ ስላቸው የሰጡኝ ወረቀት ላይ ያለው ቁጥር መጀመሪያ ከተበደርኩት ብዙም አልራቀም። ተሳስተው መስሎኝ እንደገና እንዲያዩልኝ ለመንኳቸው። አልተሳሳቱም። ሂሳቡ የሚሰራው እንደዛ ነው፣ ያናደደኝ ቀድሞ ማወቅ የምችለው ነገር መሆኑ ነው፣ ምክንያቱም ካልኩሌተር ያለው ሰው በአንድ ሰዓት ውስጥ ይደርስበታል። ስለዚህ ያንን አንድ ሰዓት እንዴት እንደምትጠቀሙበት ልጻፍላችሁ።

የሚያስፈልጋችሁ አበዳሪው የሰጣችሁ የብድር ዝርዝር እና ስልክ ላይ ያለ ካልኩሌተር ነው፣ ኤክሴል ወይ ጎግል ሺትስ ካላችሁ ደሞ በጣም ይቀላል። ለምሳሌ የምጠቀመው 1,000,000 ብድር፣ በዓመት 12 ፐርሰንት ወለድ፣ ለ20 ዓመት። በየትኛውም ገንዘብ ቢሆን ለውጥ የለውም። ወለዱና ዓመቱ ተመሳሳይ ከሆነ ሁሉም ነገር ከብድሩ መጠን ጋር እኩል ነው የሚያድገው፣ የናንተ 3 ሚሊዮን ከሆነ እዚህ ያለውን ሁሉ በ3 አባዙት በቃ።

ደረጃ 1፦ ወለዱ በምን ላይ እንደሚሰላ ጠይቁ

ብዙ ሰው "12 ፐርሰንት" ሲባል ሰምቶ ያልፋል። 12 ፐርሰንት የምን? በየወሩ በሚቀንሰው ቀሪ ዕዳ ላይ ነው ወይስ መጀመሪያ በተበደራችሁት ሙሉ ገንዘብ ላይ? ሁለተኛው ፍላት የሚባለው ነው፣ ዕዳችሁ ግማሽ ቢደርስም ወለዱ ግን አሁንም በሙሉው ላይ ነው የሚቆጠረው።

ልዩነቱን እዩት። በቀሪው ላይ ከሆነ የኛ ምሳሌ ወርሃዊ ክፍያ 11,011 አካባቢ ነው። ፍላት ከሆነ ግን በዓመት 120,000 ወለድ በ20 ዓመት 2,400,000 ይሆናል፣ ዋናውን (የተበደራችሁትን 1 ሚሊዮን) ሲጨምሩበት 3,400,000፣ ለ240 ወር ሲካፈል በወር 14,167። ይሄ በቀሪ ላይ በሚሰላው መንገድ ቢለካ ወደ 16.3 ፐርሰንት የሚጠጋ ብድር ማለት ነው። ስሙ ግን ሁለቱም ጋ 12 ነው። ፍላት ሆኖ 10 ፐርሰንት የሚል አበዳሪና በቀሪ ላይ ሆኖ 12 የሚል አበዳሪ ካገኛችሁ የፐርሰንቱን ቁጥር ተዉትና ወርሃዊ ክፍያና ጠቅላላ ክፍያ አወዳድሩ።

ደረጃ 2፦ ጠቅላላ የምትከፍሉትን አውጡ

አበዳሪው ወርሃዊውን ከነገራችሁ በወሮቹ ብዛት ማባዛት ብቻ ነው። 11,011 በ240 ሲባዛ ወደ 2,642,600። የወሰዳችሁት 1 ሚሊዮን፣ የምትመልሱት 2.64 ሚሊዮን፣ ወለዱ ብቻውን ከቤቱ ብድር በ64 ፐርሰንት ይበልጣል። ይሄን ቁጥር ወረቀት ላይ በትልቁ ጻፉት፣ ቀጥሎ የምታደርጉት ውሳኔ ሁሉ ከሱ ጋር ነው የሚለካው።

ወርሃዊውን ራሳችሁ ማረጋገጥ ከፈለጋችሁ (ፈልጉ፣ እኔ እመክራለሁ) እንዲህ ነው። የዓመቱን ወለድ ለ12 አካፍሉ፣ በወር 1 ፐርሰንት ማለትም 0.01። ከዛ 1.01ን በራሱ 240 ጊዜ አባዙ፣ የስልክ ካልኩሌተር ሲያጋድሙት የሚወጣው የኃይል ቁልፍ ይሰራዋል፣ 10.8926 ይመጣል። 1ን ለዚህ አካፍሉ፣ 0.0918። ከ1 ላይ ቀንሱት፣ 0.9082። አሁን የመጀመሪያ ወር ወለዱን፣ ማለትም 10,000ን፣ ለ0.9082 ስታካፍሉ 11,011 ገደማ ያገኛችሁታል። ያገኛችሁት ከአበዳሪው ቁጥር ጋር በትንሹ ካልተመሳሰለ የሆነ ነገር ውስጡ አለ፣ ወይ ፍላት ነው ወይ ኢንሹራንስና ሌላ ክፍያ ተጨምሮበታል ወይ የቀን አቆጣጠሩ ይለያል (ዓመቱን 360 ቀን አድርገው የ365 ቀን ወለድ የሚያስከፍሉ አሉ፣ 12 የነበረው ወደ 12.17 ይጠጋል)። ምን እንደሆነ እስኪነግሯችሁ አትልቀቋቸው።

ደረጃ 3፦ ወር በወር ሰንጠረዥ ስሩ

እኔን ያስደነገጠኝ ነገር ያለው እዚህ ነው፣ ስለዚህ ቀስ ብላችሁ እዩት። በየወሩ መጀመሪያ የሚነሳው የወሩ ወለድ ነው፣ ከዛ የተረፈችው ናት ዋናውን ዕዳ የምትቀንሰው።

ኤክሴል ላይ አምስት ዓምድ ክፈቱ፦ የወሩ ቁጥር፣ ወሩ ሲጀምር ያለ ዕዳ፣ ወለድ (ዕዳው ሲባዛ በ0.01)፣ ከዋናው የተቀነሰ (ክፍያው ሲቀነስ ወለዱ)፣ ወሩ ሲያልቅ የቀረ ዕዳ። የመጨረሻውን ዓምድ የሚቀጥለው ወር መጀመሪያ አድርጉና እስከ 240 ወደ ታች ጎትቱት።

የመጀመሪያው ወር ላይ 11,011 ትከፍላላችሁ፣ 10,000ው ወለድ ነው፣ ከዕዳችሁ የተቀነሰው 1,011 ብቻ። ሁለተኛው ወር 1,021 ይቀነሳል። በአንደኛው ዓመት መጨረሻ 132,130 ከፍላችሁ ዕዳው የቀነሰው 12,820 ነው። በ5 ዓመት 660,650 ገደማ ከፍላችኋል፣ ቀሪው ግን ገና 917,440 ነው። የብድሩ ግማሽ የሚያልቀው ስንተኛው ዓመት ላይ ይመስላችኋል? 10ኛው አይደለም፣ 15ኛው ዓመት ሊያልቅ ሲል ነው፣ 180ኛው ወር ላይ። የቀረው ግማሽ በ5 ዓመት ውስጥ ይጠናቀቃል፣ ምክንያቱም ያኔ ወለዱ ትንሽ ስለሆነ ክፍያችሁ በአብዛኛው ዋናው ላይ ያርፋል።

ማንም ያጭበረበረ የለም፣ ዕዳው ትልቅ ሲሆን ወለዱም ትልቅ ነው። ግን ይሄን ማወቅ አንድ በጣም አስፈላጊ ነገር ይቀይራል፦ ቤቱን በ5 ወይ በ7 ዓመት ውስጥ ልትሸጡት ትችላላችሁ? ከሆነ ለናንተ ዋናው ቁጥር የ20 ዓመቱ ድምር አይደለም፣ በምትለቁበት ቀን የሚቀረው ዕዳ ነው። ሰንጠረዡ ላይ ያንን ወር ፈልጉና ክበቡት። ቤቱ ያኔ የሚሸጥበት ዋጋ ከዛ በታች ከሆነ ቤታችሁን ሸጣችሁም ዕዳ ይቀርባችኋል።

ደረጃ 4፦ ዓመቱን እየቀያየራችሁ ደግማችሁ አስሉ

በዚሁ 1 ሚሊዮንና 12 ፐርሰንት፦

በ10 ዓመት፦ በወር 14,347፣ ጠቅላላ 1,721,650
በ15 ዓመት፦ በወር 12,002፣ ጠቅላላ 2,160,300
በ20 ዓመት፦ በወር 11,011፣ ጠቅላላ 2,642,600
በ30 ዓመት፦ በወር 10,286፣ ጠቅላላ 3,703,000

ከ20 ወደ 30 ዓመት ስትሄዱ ወርሃዊው የሚቀንሰው 725 ብቻ ነው፣ ጠቅላላው ግን ከ1 ሚሊዮን በላይ ይጨምራል። ሌላ ሙሉ ብድር ማለት እኮ ነው። እና ልብ በሉ፣ 100 ዓመት ቢያደርጉላችሁ እንኳን ወርሃዊው ከ10,000 በታች አይወርድም፣ ለምን ቢባል የመጀመሪያው ወር ወለድ ራሱ 10,000 ነው። ወለዱ ከፍ ያለ ብድር ላይ ዓመት ማርዘም ወርሃዊ ክፍያን ብዙም አያቃልልም። ሎን ኦፊሰሩ (ብድሩን የሚያስጨርሳችሁ የአበዳሪው ሰራተኛ) "እንዳይከብዳችሁ 30 ዓመት እናድርገው" ሲላችሁ በቅንነት ሊሆን ይችላል፣ ግን እነዚህን ሁለት ቁጥሮች ጎን ለጎን ሳታዩ እሺ አትበሉ።

የወለዱን ፐርሰንት ደሞ አንድ ከፍ አድርጋችሁ ሞክሩ። በ13 ፐርሰንት ወርሃዊው 11,716 ይሆናል፣ በ20 ዓመት ልዩነቱ 169,000 ገደማ። ስለዚህ ሶስት አራት አበዳሪ ጋ ዞሮ ማወዳደር፣ ግማሽ ፐርሰንት እንኳን ለማስቀነስ መከራከር፣ ቀኑን ሙሉ ቢወስድባችሁም የሚያዋጣ ስራ ነው።

ደረጃ 5፦ ከወለድ ውጪ ያለውን ሰብስቡ

የአገልግሎት ክፍያ ወይ ኮሚሽን፣ የንብረት ግምት፣ የውልና የመያዣ ምዝገባ፣ የጠበቃ፣ የቤትና የሕይወት ኢንሹራንስ። አንዴ የሚከፈለውንና በየዓመቱ የሚመላለሰውን ለያይታችሁ ጻፉ፣ በየዓመቱ ያለውን በዓመቱ ብዛት አባዙ። ኢንሹራንስ ትንሽ ትመስላለች፣ በ20 ስትባዛ ግን ሌላ መልክ አላት።

አንዴ የሚከፈለውም ቢሆን የወለዱን እውነተኛ መጠን ይቀይራል። 2 ፐርሰንት ኮሚሽን ከላይ ተቆርጦ 980,000 እጃችሁ ገባ እንበል፣ የምትከፍሉት ግን የ1 ሚሊዮኑን ነው። እውነተኛው ወለድ 12 መሆኑ ይቀርና 12.3 ገደማ ይሆናል። በ5 ዓመት ውስጥ ብድሩን ከዘጋችሁት ደሞ ያ ኮሚሽን በትንሽ ጊዜ ላይ ስለሚያርፍ ወደ 12.6 ይወጣል። ለዚህ ነው ዝቅ ያለ ወለድና ከፍ ያለ ኮሚሽን ያለው ብድር ቶሎ ለሚወጣ ሰው የማይመቸው።

የቤቱ ግብርና ጥገና የብድር ወጪ አይደሉም፣ ግን ከዛው ኪስ ነው የሚወጡት። ለጥገና በዓመት የቤቱን ዋጋ 1 ፐርሰንት መያዝ የተለመደ ግምት ነው፣ አሮጌ ቤት ከሆነ ከዛ በላይ ያዙ።

ደረጃ 6፦ ወለዱ ቢቀየርስ?

ውላችሁ ላይ "አበዳሪው ወለዱን ማሻሻል ይችላል" የሚል ነገር ካለ እስካሁን የሰራችሁት ሁሉ የዛሬ ግምት ነው። ስለዚህ ክፉውን ቀን አሁኑኑ አስሉት። ከ3 ዓመት በኋላ ወለዱ 15 ገባ እንበል። ያኔ ቀሪያችሁ 956,455 ነው፣ የቀራችሁ 204 ወር፣ አዲሱ ክፍያ በወር 12,986 ይሆናል፣ ወደ 2,000 ጭማሪ። ይሄን ደሞዛችሁ ይችለዋል? የማይችለው ከሆነ ብድሩ ለናንተ ዛሬም ትልቅ ነው።

የባሰው ደሞ አንዳንዱ ውል ወርሃዊው ባለበት ይቆይና ዓመቱ ይርዘም ማለቱ ነው። ጥሩ ነገር ይመስላል። ግን በ15 ፐርሰንት የዛ ወር ወለድ 11,956 ነው፣ እናንተ የምትከፍሉት 11,011። ወለዱን እንኳን አይሸፍንም! ያልተሸፈነው ዕዳው ላይ ይደመራል፣ እየከፈላችሁ ዕዳችሁ ያድጋል ማለት ነው። ውሉ ላይ እንዲህ ያለ አሰራር ካለ የሚሻለው ከፍ ያለውን ክፍያ መክፈል ነው፣ ከቻላችሁ።

የችሮታ ጊዜም (ግሬስ ፔሬድ) እንዲሁ መታየት አለበት። "የመጀመሪያውን ዓመት አትከፍሉም" ሲሏችሁ ወለዱ ቆሟል ወይስ እየተቆጠረ ነው? እየተቆጠረ ዋናው ላይ የሚደመር ከሆነ 1 ሚሊዮኑ በዓመቱ 1,126,825 ሆኖ ይጠብቃችኋል፣ ከዛ በኋላ ለ20 ዓመት የምትከፍሉት በወር 12,407 ነው።

ደሞዛችሁ በአንድ ገንዘብ ብድሩ በሌላ ገንዘብ ከሆነ በጣም ተጠንቀቁ። እ.ኤ.አ. በጃንዋሪ 2015 የስዊዘርላንድ ማዕከላዊ ባንክ ፍራንኩ ከዩሮ አንጻር ከተወሰነ መጠን በላይ እንዳይጠነክር ይዞት የነበረውን ገደብ በድንገት ሲያነሳ ፍራንኩ በአንድ ቀን ተወነጨፈ፣ ፖላንድና ክሮኤሺያ ውስጥ ወለዱ ዝቅ ያለ ነው ብለው በፍራንክ ተበድረው ቤት የገዙ ሰዎች ምንም ሳያጠፉ ዕዳቸው በአገራቸው ገንዘብ ሲለካ አድጎ አገኙት።

ደረጃ 7፦ የዋጋ ንረትንም ቁጠሩ

እስካሁን ያልኩት አስፈርቷችሁ ከሆነ ሌላውም ጎን አለ። ከ20 ዓመት በኋላ የምትከፍሉት 11,011 የዛሬው 11,011 አይደለም። የኑሮ ውድነቱ በየዓመቱ 8 ፐርሰንት ቢሆን የመጨረሻዋ ክፍያ በዛሬ አቅም 2,360 ገደማ ናት። ወለዱ ቋሚ ከሆነና ገቢያችሁ ከኑሮ ውድነቱ ጋር አብሮ ከሄደ ብድሩ በየዓመቱ እየቀለለ ይሄዳል። ሁለቱም "ከሆነ" ወሳኝ ናቸው፣ ወለዱ ተለዋዋጭ ከሆነ ብዙ ጊዜ የዋጋ ንረት ሲጨምር እሱም ተከትሎ ይወጣል። ስለዚህ 2.64 ሚሊዮኑን ከቤት ኪራይ ጋር ስታወዳድሩ ኪራዩም በ20 ዓመት ውስጥ ባለበት እንደማይቆይ አስቡ።

ደረጃ 8፦ ቀድሞ መክፈልን ሞክሩ

ሰንጠረዡን ያሰራኋችሁ በዋናነት ለዚህ ነው። በየወሩ 1,000 ጨምራችሁ 12,011 ብትከፍሉ ብድሩ በ20 ዓመት ፋንታ በ15 ያልቃል፣ ከወለዱ ወደ 485,000 ይቀርላችኋል።

አንዴ የሚከፈል ገንዘብ ከሆነ ደሞ ጊዜው ሁሉም ነገር ነው። 50,000 አግኝታችሁ አንደኛው ዓመት መጨረሻ ላይ ዋናው ላይ ብትጥሉትና ወርሃዊውን ባለበት ብትቀጥሉ ብድሩ 36 ወር ቀድሞ ያልቃል፣ ከወለድ ወደ 350,000 ይድናል። ያው 50,000 በ15ኛው ዓመት ቢከፈል 8 ወር ገደማ ያሳጥራል፣ የሚያድነው 38,000 አካባቢ። እኔ ቀሪዬን ከሰማሁ በኋላ ማድረግ የጀመርኩት ይሄን ነው፣ ትርፍ ባገኘሁ ቁጥር ትንሽም ብትሆን ዋናው ላይ፣ አራቱ ዓመት ካለፈ በኋላ ቢሆንም ሰንጠረዡ ላይ ወሮቹ ሲሰረዙ ማየት ትልቅ እፎይታ ነው።

ግን ያላችሁን ሁሉ አራግፋችሁ አትክፈሉ። ቢያንስ የጥቂት ወር ወጪ የሚሸፍን ተቀማጭ ይኑራችሁ፣ ምክንያቱም ዋናው ላይ የጣላችሁትን ገንዘብ ስራ ስታጡ ወይ ስትታመሙ መልሱልኝ ማለት አትችሉም። ወለዱ ከቤቱ ብድር የሚበልጥ ሌላ ዕዳ ካለባችሁም መጀመሪያ እሱን ዝጉ።

ቀድሞ መክፈል የሚያስቀጣ ውልም አለ። ቅጣቱን ከምታድኑት ወለድ ጋር አወዳድሩ፦ 50,000 ላይ 3 ፐርሰንት ቢቀጡ 1,500 ነው፣ ከ350,000 አንጻር ምንም ማለት አይደለም። ቅጣቱ በቀሪው ሙሉ ዕዳ ላይ የሚሰላ ከሆነ ግን ሌላ ጉዳይ ነው፣ አንብቡት።

ደረጃ 9፦ ከመፈረም በፊት በጽሁፍ መልስ ያዙ

በቃል የተነገረ ነገር ውሉ ላይ ከሌለ የለም። ወለዱ በቀሪ ላይ ነው ወይስ ፍላት? ቋሚ ነው ወይስ ይቀየራል፣ ሲቀየርስ ወርሃዊው ነው የሚጨምረው ወይስ ዓመቱ? አንድ ወር ብዘገይ ቅጣቱ በምን ላይ ይሰላል፣ ባልከፈልኩት ወር ላይ ወይስ በሙሉው ዕዳ? ኢንሹራንሱን ራሴ መርጬ መግዛት እችላለሁ? ሙሉውን የክፍያ ሰንጠረዥ ዛሬ አትማችሁ ትሰጡኛላችሁ? የመጨረሻው ጥያቄ ላይ የሚያንገራግር አበዳሪ ካጋጠማችሁ እኔ ብሆን ሌላ ጋ እሄዳለሁ።

ቀድሞ ለመክፈል ስትሄዱ ደሞ ገንዘቡን ገቢ ከማድረጋችሁ በፊት "ከዋናው ዕዳ ይቀነስልኝ፣ ወርሃዊው ባለበት ሆኖ ዓመቱ ይጠር" ብላችሁ ማመልከቻ አስገቡ። እንዲህ ካላላችሁ አንዳንዱ ጋ የሚቀጥሉት ወሮች ቅድሚያ ክፍያ ተደርጎ ይያዛል ወይ ወርሃዊው ዝቅ ይልና ዓመቱ ባለበት ይቀራል፣ በሁለቱም የምታድኑት ወለድ ከላይ ካሰላነው በጣም ያነሰ ነው። በሚቀጥለው ወር ተመልሳችሁ አዲሱን ሰንጠረዥ ውሰዱና ቀሪውን ከራሳችሁ ኤክሴል ጋር አመሳክሩ።